ከውስጥ የሚዘንብ ጃኬት

የሃያ ዓመት ልፋት በአንዲት አጭር ቪዲዮ ሲጨመቅ አይታችሁ ታውቃላችሁ?

ሙቢና አይታለች። ሰኞ ጠዋት፣ አስተማሪው ገና ሳይገባ፣ የኋላ ዴስክ ላይ ተቀምጣ፣ በሰው ስልክ። በቪዲዮው ውስጥ ሊበን የሚባለው የክፍላቸው ልጅ ብርቱካናማ የዝናብ ጃኬት በሁለት እጁ ይዞ እንደ መወልወያ ጨርቅ ይጠመዝዘዋል። ውሃው ጫማው ላይ ይንዠቀዠቃል። ከዚያ ፊቱን ወደ ካሜራው ያዞርና ድምፁን እንደ ማስታወቂያ ነጋሪ አጎርንኖ፣ «የጠይባ ጃኬት! አዲስ ሞዴል! ውጭው ሲያባራ ከውስጥ የሚዘንብ!» ይላል። ቪዲዮው አሰላን አዳርሶ፣ ሲሬ ደርሶ፣ ወላጆቿ ያሉበት አቦምሳ ድረስ ዘልቋል። እናቷ ትናንት ደውላ «ምንድነው ይሄ የምሰማው?» ብላታለች።

«ሙቢና፣» አለ ሊበን ከፊት ወንበር ዞሮ፣ «አክስትሽ ጃንጥላ መስፋት አልጀመረችም? ቀዳዳውን በነፃ ትጨምርልናለች።»

«ዝም በል አቦ!»

«ምን አልኩ? ሙድ አልያዝኩም፤ ወላሂ እስካሁን እየበረደኝ ነው።»

ክፍሉ ሳቀ። ሙቢና ስልኩን ለባለቤቱ መለሰች። ከቀልዱ ይልቅ ያናደዳት ልጁ አለመዋሸቱ ነበር። ሊበን በእርግጥም በስብሶ ነበር። ሁሉም በስብሰው ነበር።

ያለፈው ቅዳሜ የትምህርት ቤቱ ቋጥኝ የመውጣት ክበብ የተመረቀበት ቀን ነበር። ከጭላሎ ተራራ ጎን፣ የአገሩ ሰው ዳጋ ጉራቻ፣ ጥቁሩ ድንጋይ፣ የሚለው ቀጥ ያለ ገደል አለ። ከዞን እንግዶች መጥተዋል፣ ካሜራ መጥቷል፣ ድንኳን ተተክሏል። ሙቢናና አክስቷ ጠይባ ከዋዜማው ጀምረው ገመድ ሲያስሩ ነበር። ተማሪዎቹ ከአውቶቡስ ሲወርዱ ሙቢና ሄልሜት ልታድል ወደ ታች ወረደች። ሴቱም ወንዱም አንድ ዓይነት ብርቱካናማ ጃኬት ለብሶ፣ ቅልብጭ ብሎ ተሰልፏል። እጅጌያቸው ላይ አንዲት የተጨማደደች ቦታ የለችም። ቀና ስትል አክስቷ ከገደሉ አናት ላይ ሆና እየተመለከተቻቸው ነበር፤ ገመዱን ለቃ፣ እጆቿን ወገቧ ላይ አድርጋ። ጠይባ በሥራ መሀል እጇን ፈትታ ስትቆም ሙቢና አይታት አታውቅም።

ከዚያ ዝናቡ መጣ፤ ከዝናቡ ጋር በረዶው። የጭላሎ ዝናብ ማስጠንቀቂያ የለውም። እንግዶቹ ወደ ድንኳኑ ሮጡ። ተማሪዎቹ ግን ግማሹ ገመድ ላይ፣ ግማሹ ጠባቧ ጠርዝ ላይ ነበርና አንድ በአንድ እስኪወርዱ ድረስ ዝናቡን ቆመው መቀበል ነበረባቸው። ጃኬቱም የተሰፋው ለእንዲህ ያለው ሰዓት ነበር። ጃኬቱ ግን ውሃውን እንደ ወንፊት አሳለፈው። ነቢላ የምትባለው የዘጠነኛ ክፍል ልጅ በመጨረሻ ስትወርድ ከንፈሯ ጠቁሮ፣ ጣቶቿን ማጠፍ አቅቷት ነበር። አሁን ሳንባ ምች ይዟት ሆስፒታል ተኝታለች።

የሙቢናና የጠይባ ጃኬት ጠብ አላለበትም። ይህንንም ከተማው ሳይውል ሳያድር ተረጎመው፤ «ለዘመዷ ደህናውን፣ ለሰው ልጅ ቡትቶውን።»

ጠይባ የአባቷ እህት ናት፤ ሙቢና በአርሲዎች ወግ «አዳዳ» ትላታለች። ለትምህርት ብላ ከእሷ ጋር መኖር ከጀመረች ሦስተኛ ዓመቷ ነው። ከትምህርት ቤት መልስ በአክስቷ ስፌት ቤት ክር ትቆርጣለች፣ ቁርጥራጭ ትለቅማለች።

ያን ሰኞ ስትገባ ማሽኖቹ ሁሉ ቆመዋል። በሩ ሥር የተመለሱ ጃኬቶች የታጨቁበት ማዳበሪያ ተዘርግፏል። ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ከአዳዳ ጋር የምትሰፋው ብርቄ እጇን አጣምራ ትንጎራደዳለች።

«እኔ የሰፋሁት ውሃ ያሳልፋል? እኔ? ቧንቧ ሥር እያንዳንዱን ፈትሸን አይደል የላክነው? ጠይባ፣ ተናገሪ እንጂ! ምን ይጎልትሻል?»

ጠይባ በርጩማ ላይ ተቀምጣ አንዱን ጃኬት ገልብጣ ጭኗ ላይ ዘርግታዋለች። ስፌቱ ውሃ እንዳያስገባ ከውስጥ በኩል የሚለጠፈው ስስ ላስቲክ ከትከሻው ተላቅቆ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ተንጠልጥሏል። የጨርቁ ቅብም ተሰነጣጥቋል። ላስቲኩን በሁለት ጣቷ ይዛ ሳብ ስታደርገው ያለ ምንም ትግል እስከ ክንዱ ድረስ መጣላት።

«ካውያ ነው፣» አለች።

«ምን?»

«ተኩሰውታል። እርጥብ ጨርቅ ጣል አድርገውበት፣ እንደ ሱፍ ሱሪ። ከላይ ምንም አይታወቅም። ከውስጥ ማጣበቂያው ቀልጧል።»

ሙቢና ቅዳሜ ጠዋት ያየችው ሰልፍ ዓይኗ ላይ መጣ። በየእጅጌው ከትከሻ እስከ አንጓ የሚወርድ ቀጥ ያለ መስመር ነበር። የተኩስ መስመር! እሷ ራሷ ቆማ አድንቃዋለች እኮ!

«ስናስረክብ ነግረሻቸዋል!» አለች ሙቢና። «እኔ ራሴ አጠገባችሁ ነበርኩ። ‹እሳት እንዳይነካው፣ በካውያ እንዳታስተኩሱት› ብለሽ ለዳይሬክተሩ ነግረሻቸዋል። ‹ችግር የለም› ብለዋል!»

«ነግሬያቸዋለሁ።»

«ታዲያስ!»

«ታዲያ ምን? ከዞን እንግዳ ይመጣል። ልብሱ ከማዳበሪያ ውስጥ ሲወጣ ተጨማዷል። የተጨማደደ ልብስ አልብሶ ልጅን እንግዳ ፊት ማቆም ነውር ነው። አስተኮሱት። እናትሽም ብትሆን ታስተኩሰው ነበር።» ጃኬቱን አጣጥፋ ወደ ማዳበሪያው መለሰችው። «አሁን ‹ካውያ ነው› ብል ‹ሰበብ ፈጠረች› ይሉኛል። ማን አየ? ማን ይመሰክርልኛል? ደከመኝ፣ ሙቢና። የምሬን ነው፤ ደከመኝ።»

ይህቺ ሴት ምን እንዳደከማት ማወቅ የሚፈልግ ካለ ይስማ።

በሃያዎቹ ዕድሜዋ መጀመሪያ ላይ በአንድ የመንገድ ሥራ ድርጅት ሰዓት ተቆጣጣሪ ነበረች፤ ማን ገባ ማን ቀረ እያለች ስትመዘግብ የምትውል። ከመንገዱ በላይ ካለው ገደል ልል ድንጋይ የሚያራግፉ ሰዎች በገመድ ይወርዱ ነበር። አንድ ቀን ከመካከላቸው አንዱ መሀል ላይ ፍርሃት ያዘውና ደረቀ። ወደ ላይም ወደ ታችም አልል አለ። ፎርማኑ ከታች ይጮሃል፤ ወንዶቹ ከላይ ሆነው ማን ይውረድ ማን ይቅር ይጨቃጨቃሉ። ጠይባ ትርፍ ገመድ ታጥቃ ወረደች። ሰውየውን ስለ ልጆቹ እያዋራች ጣቶቹን ከድንጋዩ ላይ አንድ በአንድ አላቀቀችና አብራው ወረደች። መንገድ ላይ ቀሚሷ የድንጋይ ጥርስ ይዞት ለጥቂት ጊዜ አየር ላይ ተንጠልጥላ ነበር። ከታች የቆመው ሰው ታዲያ ስለምን አወራ? ስለ ሰውየው መትረፍ? ስለ ጉልበቷ መታየት ነው ያወራው! ሳምንት ሙሉ!

እሷ ግን ከዚያ ገደል ሁለት ነገር አውቃ ተመለሰች። ገደል ላይ ስትሆን ጭንቅላቷ ውስጥ ያለው ጫጫታ ሁሉ ጸጥ ይላል። ደግሞም የለበሰችው ልብስ ለዚህ ሥራ የተሰፋ አይደለም። በማግስቱ የወንድሟን አሮጌ ሱሪ ፈትታ፣ ጉልበት እስከ ደረት እንዲነሳ መሀሉ ላይ ሌላ ጨርቅ አስገብታ ሰፋችው። በላዩ ከጉልበት ዝቅ የሚል፣ ጎንና ጎኑ የተከፈተ ሸሚዝ ደረበችበት። ከሒጃብ በላይ የሚገባ ሰፊ ኮፍያ ያለው የዝናብ ጃኬት ከዓመታት በኋላ መጣ። ዳጋ ጉራቻን በገመድ ከሥር እስከ አናቱ ስትወጣው ከእሷ በፊት የወጣው ሴትም ወንድም አልነበረም። ጎረቤት «ጂን ይዟታል» አለ። ሊያገባት የመጣ ሰው «ድንጋዩን ተይና እንጋባ» አለ፤ አልተወችም፤ ሄደ። ስፌት ቤት ስትከፍት ደግሞ «ሴት ስለ ዝናብ ልብስ ምን ታውቃለች» አሉ፤ ዝናብ ወንድ ላይ ብቻ የሚዘንብ ይመስል!

ዛሬ ባጃጅ ነጂው፣ ጋሪ ነጂው፣ ገብስ ነጋዴው፣ ተራራ አስጎብኚው ሁሉ የእሷን ጃኬት ለብሶ ይሞቀዋል። አንዲት ዚፕ በተበላሸች ቁጥር ግን «እኔ ድሮም ብያለሁ» የሚል አይጠፋም። ያንኑ አንድ ጥያቄ በየዓመቱ እንደ አዲስ መመለስ ሰውን ያዝላል። ጠይባ ዝላለች።

ብርቄ ገና እየተንጎራደደች ሳለ በሩ ተንኳኳና ዳይሬክተሩ ራሳቸው ገቡ።

መምህር ሙንተሲር ክፉ ሰው አይደሉም፤ ይህን ሙቢናም ታውቃለች። ክበቡን ያቋቋሙትም እሳቸው ናቸው። ነገር ግን ከዞን ስልክ ሲደወልላቸው ከወንበራቸው ተነስተው ነው የሚያናግሩት፤ ቢሯቸው ውስጥ ብቻቸውን ቢሆኑ እንኳ።

«ጠይባ፣ እንዴት ዋልሽ?»

«አልሐምዱሊላህ። ይቀመጡ፣ መምህር።»

አልተቀመጡም። ዓይናቸው የወደቀው ማዳበሪያው ላይ ነው፤ ቶሎም ወደ ግድግዳው አዞሩት። «የመጣሁት በሰላም ነው። ነገሩ ሳይከር ብንጨርሰው ለሁላችንም ይበጃል። ቅዳሜ የወላጆች ስብሰባ አለ። እዚያ ላይ ‹ጨርቁ ነው› እንበል። አንቺ በቅንነት ሰፋሽ፤ ጨርቁን የሸጠልሽ ሰው አታለለሽ። አንቺም ተታለልሽ፣ እኛም ተታለልን። ማንም ማንንም አይጠይቅም።»

«ጨርቁ ምንም የለበትም።»

«ይሆናል። ማን ያጣራል ብለሽ ነው?»

«ክበቡስ?» አለች ሙቢና፣ ቃሉ አምልጧት።

መምህሩ ገና አሁን ያዩዋት ይመስል ዞሩ። «ክበቡ ይቀጥላል። ወንዶቹ ይቀጥላሉ፤ ልብስ ከአዲስ አበባ እናስመጣላቸዋለን። ሴቶቹ ለጊዜው ወደ ሥነ ጥበብ ክበብ ይዛወራሉ። ወላጆች ደንግጠዋል፤ የታመመችው ሴት ልጅ ናት እኮ።»

«ሊበንም በርዶታል! ሊበን ወንድ ነው!»

«ሙቢና፣» አለች አዳዳ በቀስታ።

ብርቄ ጠይባን ትመለከታለች። ሙቢናም ትመለከታለች። አሁን ትነሳለች፣ አሁን ጃኬቱን ገልብጣ አፍንጫቸው ሥር ትይዝላቸዋለች ብላ ጠበቀች። ጠይባ በመዳፏ ዓይኖቿን አሸች።

«እሺ፣» አለች። «ጨርቁ ነው በሏቸው።»

ብርቄ መቀሷን ጠረጴዛው ላይ ወርውራ ወጣች። መምህሩም «አላህ ይስጥሽ» ብለው ተከተሉ። ጠይባ ከበርጩማው ሳትነሳ፣ ለማንም ሳይሆን ለግድግዳው የምትናገር ይመስል፣ «አዳማ ማሽኖቹን የሚፈልግ ሰው አለ» አለች።

ሙቢና ያን ቀን አዳዳዋን መቆጣት አቃታት፤ እንዲህ ደክሟት አይታት አታውቅምና። ቁጣዋ ግን ማረፊያ ፈለገ። አንድ ጥያቄ ያዛት፤ ዐርብ ከሰዓት፣ እሷ ገደሉ ላይ ሳለች፣ ትምህርት ቤት ውስጥ ካውያ የያዘው ማን ነው?

መልሱ መጣላት። ሮሐ። ከሰባተኛ ክፍል ጀምሮ ጓደኛዋ የሆነችው፣ ከፍታ ስለምትፈራ ክበቡ ውስጥ ያልገባችው፣ ከሰኞ ወዲህ ግን ወንበር ቀይራ የተቀመጠችው ሮሐ። ሙቢና እስካሁን በቪዲዮው አፍራ የራቀቻት መስሏት ነበር።

ሐሙስ ከትምህርት ቤት ሲወጡ ተከተለቻት። ነፋሱ ከብቅል ፋብሪካው በኩል ስለሚመጣ መንገዱ ሁሉ እርጥብ ገብስ ይሸታል። ሮሐ የሰፈራቸው መታጠፊያ ላይ ስትደርስ ሙቢና ቀደመቻት።

«ሮሒ፣ ቁሚ።»

«ቸኩያለሁ።»

«ከሰኞ ጀምሮ ቸኩለሻል። ዐርብ ከሰዓት ትምህርት ቤት ነበርሽ አይደል? ጃኬቶቹን ማን ተኮሳቸው?»

ሮሐ ቦርሳዋን ከአንዱ ትከሻ ወደ ሌላው አዛወረች። «እኔ ምን አውቄ?»

«ስትዋሺ ቦርሳ ታዛውሪያለሽ።»

«አትካበጂ፣ በናትሽ።»

«ሮሐ።»

አንድ ጋሪ ገብስ ጭኖ እስኪያልፍ ሁለቱም ዳር ይዘው ቆሙ። ፈረሱ አነጠሰ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ሁለቱም «ይማርህ» ብለውት ይስቁ ነበር።

«እኛ ነን፣» አለች ሮሐ ጋሪው ካለፈ በኋላ። «እኔና ሌሎቹ ሴቶች። ወንዶቹ ወንበር አውጡ ተባሉ፤ እኛ ደግሞ ተኩሱ ተባልን። ላቦራቶሪው ጠረጴዛ ላይ። መብራት ስላልነበር እማዬ የከሰል ካውያዋን አመጣች። እንዳይቃጠል ብለን እርጥብ ጨርቅ ጣል እያደረግን… ማርያምን፣ አንዱም ሳይቃጠል ስለጨረስን ዘለልን እኮ! አክስትሽ ስታያቸው ደስ ይላታል ብዬ ነበር።»

«ማነው ያዘዛችሁ?»

«ማን ያዛል? ዳይሬክተሩ ናቸዋ። እንዲያውም አንዱን አንስተው ‹ይሄኛው ገና ነው፣ ድገሙት› ብለውናል።»

«ታዲያ እንዴት ዝም ትያለሽ? አዳዳ ማሽኖቿን ልትሸጥ ነው! ሰዉ ሁሉ እየሳቀባት ነው!»

«እማዬ ትምህርት ቤቱን በኮንትራት ነው የምታጸዳው፣ ሙቢ። ሰኞ ጠርተዋት ‹ካውያው ያንቺ ነው፤ ነገሩ ከተነሳ ማን እንደሚጠየቅ ታውቂያለሽ› አሏት። ምን ላድርግ? ንገሪኝ እስቲ! ያንቺ አክስት ድርጅት አላት። እኔ ያለችኝ እሷ ናት።»

ሙቢና ልትጮህባት አፏን ከፈተች። ከጀርባቸው «ሮሐ» የሚል ድምፅ ሰሙ። የሮሐ እናት ተሻለች የቤታቸው በር ላይ ቆመዋል፤ የትምህርት ቤቱን ሰማያዊ ጋዋን ገና አላወለቁም። ሰምተዋል።

«ሙቢናዬ፣ ነቢላን ሄጄ አይቻታለሁ፣» አሉ። «ትንፋሿ እየቆራረጠ ስታወራኝ አመመኝ። ከዚያ ወዲህ ያንን ካውያ አላነሳሁትም፤ ልብሴን ሳልተኩስ ነው የምለብሰው። ግን አደራሽን፣ እኔን አታንሺኝ። ልጄንም አታንሺብኝ።»

«አላነሳም፣ እትዬ ተሻለች፣» አለች ሙቢና።

ቃሉን ከሰጠች በኋላ ነው ምን እንደሰጠች የገባት። አዳዳ «ማን ይመሰክርልኛል?» ብላ ነበር። ምስክሮቹን አገኘቻቸው፤ በዚያው ቅጽበት አጣቻቸው። ወደ ቤት ስትሄድ እግሯ ከብዷት ነበር። ስለ መሄድም፣ ስለ መናገርም፣ ስለ ማሰብም ደከማት። አዳዳ የምትለው ድካም ይህ ይሆን?

ቅዳሜ ጠዋት ጠይባ ማሽኖቹን ዘይት ታጠጣለች። ሊገዛ የሚመጣው ሰው ከሰዓት በኋላ ነው የሚደርሰው።

«አዳዳ፣ ስብሰባው ሦስት ሰዓት ነው።»

«አልሄድም። እዚያ ተቀምጬ ውሸት ሲወራ ራሴን ልነቅንቅ?»

«እኔ ልሂድ።»

«ሂጂ። ስትመለሺ ዳቦ ይዘሽ ነይ።»

«ልናገር ነው፣ አዳዳ።»

የዘይት ቆርቆሮው ቆመ። «ምን ብለሽ? ማስረጃ የለሽም።»

«ጥያቄ አለኝ።»

ጠይባ ዞራ አየቻት። ዓይኗ ሥር ጠቁሯል። «አንዴ ከጀመርሽ እኮ አያባራም። ነገም ይጠይቁሻል፣ ከነገ ወዲያም። አንቺ ማነሽ፣ ምን አገባሽ፣ ትልቅ ሰው የለሽም ወይ ይሉሻል። ትደክሚያለሽ።»

«እሺ፤ እደክማለሁ።»

ጠይባ ወደ ማሽኑ ተመለሰች። ሙቢና በሩን ስትከፍት ግን፣ ፊቷን ሳታዞር፣ «እኔ ‹እሺ› ያልኩት በራሴ አፍ ነው፤ ባንቺ አፍ አይደለም» አለች።

አዳራሹ ጢም ብሏል። የክበቡ ልጆች በግድግዳው ዙሪያ ቆመዋል። ሮሐ መስኮቱ ሥር ናት። እናቷ መጥረጊያ ይዘው በሩ አጠገብ ናቸው። ሙቢና ከፊት በሦስተኛው ረድፍ፣ ለአሳዳጊዋ በተያዘው ወንበር ላይ ሄዳ ተቀመጠች።

«ልጅት፣ ይሄ የወላጅ ቦታ ነው፣» አሏት አጠገቧ ያሉ ሽማግሌ።

«ወላጅ ወክዬ ነው፣ አባባ።»

«አቤት ዘመን፣» አሉና ጠጋ አሉላት።

መምህር ሙንተሲር ስለ ትምህርት ጥራት ተናገሩ፣ ስለ ደንብ ልብስ ተናገሩ፣ በመጨረሻም ወደ ነገሩ መጡ። «ባለፈው ሳምንት የደረሰው ሁላችንንም አሳዝኗል። ተጣርቷል። ችግሩ የጨርቁ ነው። ልብሱን የሰፋችው ወይዘሪት ጠይባም ይህንኑ በራሷ አንደበት አምናለች። ስለዚህ ወንዶች ልጆቻችን በአስተማማኝ ልብስ ይቀጥላሉ፤ ሴቶች ልጆቻችን ወደሚስማማቸው ክበብ ይዛወራሉ።»

ጥቂት ሰዎች አጨበጨቡ። ከኋላ አንድ ሰው ተነሳ። የነቢላ አባት አቶ ሚፍታ ነበሩ፤ ጺማቸው አድጓል፣ ከሆስፒታል በቀጥታ እንደመጡ ያስታውቃሉ።

«ጨርቅ አይጠየቅም፣ መምህር። ሰው ነው የሚጠየቀው፣» አሉ። «ልጄ እስከ ትናንት በኦክስጅን ነበረች። እንግዲህ ሴትዮዋ ካመነች ጨረስን። ሰኞ ጠበቃ ጋ እሄዳለሁ። ፍርድ ቤት አቆማታለሁ፤ ያቺን ስፌት ቤት አስዘጋታለሁ። ትምህርት ቤቱም ይመስክርልኝ።»

ሙቢና ዓይኗን መምህሩ ላይ ተከለች። ማንም ማንንም አይጠይቅም ብለው ነበር። በሰላም ነው የመጣሁት ብለው ነበር። አሁን ይናገራሉ፤ አሁን «አይሆንም፣ አቶ ሚፍታ» ይላሉ። ጠበቀች። መምህሩ ፊታቸው ያለውን ወረቀት አንስተው መልሰው አስቀመጡት።

«ትምህርት ቤቱ ይተባበራል፣» አሉ።

ሙቢና ተነሳች። እጇን ሳታወጣ ነው የተነሳችው።

«ጥያቄ አለኝ።»

«ተማሪዎች በኋላ፣» አሉ መምህሩ።

«የተቀመጥኩት በወላጅ ወንበር ነው። ጃኬቶቹ ለምን እንዳፈሰሱ የሚያውቅ ሰው እዚህ አዳራሽ ውስጥ አለ። ከስፌት ቤት ሲወጡ አያፈሱም ነበር። ዐርብ ከሰዓት በካውያ ተተኩሰዋል፤ ማጣበቂያቸው የቀለጠው ያን ጊዜ ነው።»

ጉርምርምታ ተነሳ። «ምን አለች?» «ካውያ?» «የማን ልጅ ናት?» ሊበን ከግድግዳው ላይ ቀና አለ፤ የራሱን እጅጌ እንደ አዲስ የሚያስታውስ ይመስል ክንዱን ተመለከተ።

መምህር ሙንተሲር ፈገግ አሉ፤ ፈገግታቸው ግን ከንፈራቸው ላይ ብቻ ነበር። «አየሽ ሙቢና፣ አክስትሽን መውደድሽ ጥሩ ነው። ዝም ብሎ ክስ ግን አይሆንም። ማን ተኮሰ? ማን ነገረሽ? ስም ጥሪ። እስቲ በግልጽ ስም ጥሪ፤ ያ ሰው ይምጣና ይጠየቅ።»

በሩ አጠገብ መጥረጊያው ወለሉን ነካ አድርጎ ቆመ። ሙቢና ወደዚያ አልዞረችም። ወደ መስኮቱም አልዞረችም። አንገቷ ሊዞር ፈልጎ ነበር፤ አንድ ስም፣ አንዲት ቃል ብቻ፣ ነገሩ ሁሉ ያልቅ ነበር። የፊተኛውን ወንበር መደገፊያ ይዛ ቀጥ አለች።

«ስም አልጠራም፣» አለች። «የታዘዘ ሰው አልጠይቅም። የምጠይቀው እርስዎን ነው፣ መምህር። ጃኬቶቹን ሲረከቡ ‹በካውያ እንዳታስተኩሱት› ተብለዋል፤ እኔ አጠገባችሁ ቆሜ ሰምቻለሁ። ታዲያ ይተኮሱ ብሎ ያዘዘው ማነው? ቢሮ ጠርተው እንዳይነግሩኝ። አክስቴም ጋ መጥተው እንዳይነግሯት። የነቢላ አባት እዚያ ቆመዋል። ለእሳቸው ይመልሱ፤ እዚሁ፣ አሁን፣ ሰው ሁሉ እየሰማ።»